በሕንድ የካስት ጥቃት ሕግ ዋስትና እንዴት ይወሰናል? ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

ሕንድ ውስጥ ካስት በሚባለው፣ በትውልድ በሚወሰነው የማኅበረሰብ ደረጃ የበታች ተደርጎ የሚቆጠር አንድ ዳሊት ገበሬ ተደብድቦ ፖሊስ ጣቢያ ሲሄድ ከፍርዱ በፊት የሚያስጨንቀው ነገር አለ። የደበደበው ሰው ነገ ጠዋት መንደር ውስጥ ይሆናል ወይስ አይሆንም? ብዙ ጊዜ በዳይና ተበዳይ የአንድ መንደር ሰዎች ናቸው። ተበዳዩ የሚያርሰው የበዳዩን መሬት ሊሆን ይችላል። ሚስቱ ውኃ ለመቅዳት የምታልፈው በእነሱ ደጅ ሊሆን ይችላል። ዋስትናው እንዲህ ያለውን ኑሮ በቀጥታ ይነካል።

እንዲህ ያለውን የካስት ጥቃት ስለሚቀጣው ሕግ ብዙ የተዛባ ወሬ ይሰማል። «አንዴ በዚህ ሕግ ከተከሰስክ ዋስትና የሚባል ነገር የለም» ይላሉ። እንዲህ አይደለም። በሌላ በኩል «እንደማንኛውም ክስ ነው» የሚሉም አሉ። ይህም ልክ አይደለም። ከታች የተጠቀሱት ዓመታት በሙሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።

ለመሆኑ ሕጉ ምንድን ነው? የሚጠብቀውስ ማንን ነው?

ሙሉ ስሙ የሼድዩልድ ካስቶችና የሼድዩልድ ትራይቦች የጥቃት መከላከያ ሕግ ይባላል። በ1989 ወጥቶ ጃንዋሪ 30 ቀን 1990 ሥራ ላይ ዋለ። ሼድዩልድ ካስት የሚባሉት ለዘመናት «የማይነኩ» ተብለው የተገለሉት፣ ዛሬ በብዛት ዳሊት ተብለው የሚታወቁት ማኅበረሰቦች ናቸው። ሼድዩልድ ትራይብ ደግሞ አዲቫሲ የሚባሉትን ነባር ሕዝቦች ይመለከታል። በ2011 የሕዝብ ቆጠራ የመጀመሪያዎቹ ከአገሪቱ ሕዝብ 16.6 በመቶ፣ ሁለተኞቹ 8.6 በመቶ ነበሩ። ከአራት ሕንዳውያን አንዱ ማለት ነው።

የሕንድ ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 17 «አለመነካትን» ከሻረ ቆይቷል። በ1955 ደግሞ ድርጊቱን የሚቀጣ ሕግ ወጣ። ግድያው ግን አልቆመም። በ1968 በታሚል ናዱ፣ ኪልቬንማኒ በምትባል መንደር የደመወዝ ጭማሪ የጠየቁ የቀን ሠራተኞች ቤተሰቦች ጎጆ ውስጥ ተዘግቶባቸው በእሳት ጋዩ። 44 ሰው ሞተ። የተከሰሱትን ባለ መሬቶች ከፍተኛው ፍርድ ቤት በነፃ አሰናበታቸው። በ1985 በአንድራ ፕራዴሽ፣ ካራምቼዱ ውስጥ በመጠጥ ውኃ ኩሬ የተነሳ ጠብ በስድስት ዳሊቶች ግድያ አለቀ። የ1989ኙ ሕግ የመጣው ከእንዲህ ዓይነቱ ታሪክ በኋላ ነው።

ሕጉ የሚዘረዝራቸውን ወንጀሎች ያነበበ ሰው የመንደሩን ኑሮ ያየዋል። ሰውን የማይበላ ነገር እንዲበላ ማስገደድ። የጫማ አበባ ጉንጉን አንገቱ ላይ ማጥለቅ። ራሱን ላጭቶ ወይም ልብሱን አስወልቆ መንደር ለመንደር ማዞር። ከጋራ ጉድጓድ ውኃ እንዳይቀዳ መከልከል። በ2015 በተደረገው ማሻሻያ ላይ ሙሽራ በሠርጉ ቀን ፈረስ ላይ እንዳይወጣ መከልከልም ወንጀል ሆኖ ተጽፏል። ሕግ አውጪው ፈረሱን ሳይቀር ጠርቶ የጻፈው ወጣቶች በዚህ ምክንያት ስለሚደበደቡ ነው።

አንድ መሠረታዊ ነገር አለ። ተበዳዩ ከእነዚህ ማኅበረሰቦች የተወለደ፣ ተከሳሹ ደግሞ ከእነሱ ውጭ የሆነ መሆን አለበት። ሁለቱም ዳሊት ከሆኑ ይህ ሕግ አይሠራም። በተለመደው የወንጀል ሕግ ይዳኛሉ።

ታዲያ ዋስትና ተከልክሏል ወይስ አልተከለከለም?

ሕጉ የዘጋው አንዱን ዓይነት ነው። ሕንድ ውስጥ ዋስትና በሁለት መንገድ ይጠየቃል። አንደኛው ሰው ከተያዘ በኋላ የሚጠይቀው ነው። ይህ ክፍት ነው። ሁለተኛው ሰው ገና ሳይያዝ፣ «ፖሊስ ሊይዘኝ ነው» ብሎ ሲሰጋ ቀድሞ ሄዶ የሚጠይቀው ነው። የሕጉ አንቀጽ 18 የዘጋው ይህንን ሁለተኛውን ነው።

ለኢትዮጵያ አንባቢ ሁለተኛው ትንሽ እንግዳ ነው። እኛ ጋ የዋስትና ጥያቄ የሚነሳው ሰው ከተያዘ በኋላ ነው። የሕገ መንግሥታችን አንቀጽ 19 ንዑስ አንቀጽ 6ም የሚናገረው ስለ ተያዙ ሰዎች ነው። ሕንድ ግን በ1973ቱ የወንጀል ሥነ ሥርዓት ሕጓ አንቀጽ 438 ላይ ይህን ቅድመ እስር ዋስትና አስገባች። ሰውየው ፍርድ ቤት ቀርቦ ያመለክታል። ከተፈቀደለት ፖሊስ ቢይዘውም ወዲያው በዋስ ይለቀዋል። ሐሳቡ ጥሩ ነው። ባላንጣህ በሐሰት ከሶህ ሌሊቱን እስር ቤት እንዳታድር ይጠብቅሃል።

ከጁላይ 1 ቀን 2024 ጀምሮ አዲስ የሥነ ሥርዓት ሕግ ስለመጣ የድሮው አንቀጽ 438 አሁን አንቀጽ 482 ሆኗል። ቁጥሩ ቢለወጥም ክልከላው እንዳለ ነው። አንዳንዱ ተከሳሽ «የጥቃት መከላከያው ሕግ የሚጠቅሰው የድሮውን ቁጥር ነው፤ እኔን አይመለከትም» ሊል ይሞክር ይሆናል። አያዋጣም። አሮጌ ሕግ በአዲስ ሲተካ ማጣቀሻው ወደ አዲሱ እንደሚዞር የሕንድ የአጠቃላይ ድንጋጌዎች ሕግ ይናገራል።

ገዳይ እንኳ መጠየቅ የሚችለውን፣ በካስት የሰደበ ሰው የሚከለከለው ለምንድን ነው? ፍትሐዊ ነው?

ይህ ጥያቄ ከልብ የሚጠየቅ ነው፤ በቁም ነገር መመለስ አለበት። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ1995 በማድያ ፕራዴሽ ግዛትና በራም ክሪሽና ባሎቲያ መካከል በነበረው ጉዳይ መልሶታል። ቅድመ እስር ዋስትና በሕግ የተሰጠ መብት ነው፤ ሕገ መንግሥቱ ለሕይወትና ለነፃነት ከሰጠው ጥበቃ ጋር አንድ አይደለም አለ። ሕግ የሰጠውን ሕግ ሊነሳው ይችላል።

ዋናው ምክንያት ግን የኃይል ሚዛኑ ነው። እነዚህ ወንጀሎች የሚፈጸሙት በማኅበረሰቡ ውስጥ የበላይ በሆነ ሰው፣ የበታች ተደርጎ በተቆጠረ ሰው ላይ ነው። ተከሳሹ ሳይያዝ ዋስትናውን ኪሱ ከከተተ ምስክር ለማስፈራራትና ምርመራውን ለማደናቀፍ ጊዜም አቅምም አለው። ተራ በሚባል ጠብ ሁለቱ ወገኖች ቢያንስ ተቀራራቢ አቅም ሊኖራቸው ይችላል። እዚህ ግን ምስክሩ ራሱ ከተከሳሹ ብድር የወሰደ፣ በተከሳሹ እርሻ የሚውል ሰው ነው። እኔ ይህ ምክንያት አሳማኝ ነው እላለሁ።

ስለዚህ ማንም ሰው ቅድመ እስር ዋስትና አያገኝም?

ያገኛል፤ ግን በጠባቡ። ፍርድ ቤቶች ከጊዜ በኋላ ያስቀመጡት መስፈርት ይህ ነው፦ አቤቱታው ላይ የተጻፈው ሁሉ እውነት ነው ተብሎ ቢወሰድ እንኳ፣ ላይ ላዩን ሲታይ በዚህ ሕግ የሚያስቀጣ ወንጀል ከሌለ፣ አንቀጽ 18 አያግድም። በፌብሩዋሪ 2020 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በፕሪትቪ ራጅ ቻውሃን ጉዳይ ይህንኑ አጽንቷል። በዚያው ጉዳይ ከውሳኔው ጋር ተስማምተው የራሳቸውን ሐሳብ ያከሉት ዳኛ ራቪንድራ ባት ይህ ሥልጣን በጣም ተቆጥቦ፣ አልፎ አልፎ ብቻ ሥራ ላይ መዋል እንዳለበት አስጠንቅቀዋል።

ሁለት ጉዳዮችን ጎን ለጎን ብናይ ድንበሩ ይታያል።

አንዱ በኦገስት 2024 የተወሰነ ነው። በኬራላ አንድ የኦንላይን ዜና ጣቢያ አዘጋጅ፣ የሼድዩልድ ካስት ተወላጅ የሆነ የምክር ቤት አባልን ዩቲዩብ ላይ አዋረደ ተብሎ ተከሰሰ። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ቅድመ እስር ዋስትናውን ፈቀደለት። ቪዲዮው ሰውየውን ቢያዋርድም፣ ውርደቱ በካስቱ ምክንያት የመጣ መሆኑ አይታይም አለ። ዳሊት የሆነን ሰው መስደብ ብቻውን በዚህ ሕግ ወንጀል አይሆንም። ስድቡ ከካስቱ ጋር መያያዝ አለበት።

ሌላው በሴፕቴምበር 1 ቀን 2025 የተሰጠ ነው። በማሃራሽትራ አንድ ዳሊት ቤተሰብ «በምርጫው እኛ ላልነው ሰው አልመረጣችሁም» ተብሎ፣ ከቤቱ ደጅ በብረት ዘንግ እንደተደበደበና በካስቱ እንደተሰደበ አመለከተ። የቦምቤይ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ለዋናው ተከሳሽ ቅድመ እስር ዋስትና ሰጠው። አቤቱታው የተጋነነ፣ ፖለቲካ ያለበት ይመስላል አለ። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ይህን ሻረ። በዋስትና ደረጃ ላይ ማስረጃ እየመዘኑ ፍርድ መስጠት አይቻልም አለ። አቤቱታው ወንጀሉን በግልጽ የሚያሳይ ከሆነ በሩ ዝግ ነው።

ከሁለቱ የሚወሰደው ይህ ነው። ዳኛው የሚያየው አቤቱታው ላይ የተጻፈውን ነው። ምስክሩ ይታመናል አይታመንም የሚለው ለዋናው ችሎት ይቀመጣል።

«በሕዝብ እይታ ውስጥ» የሚለው ነገር ለምን ይህን ያህል ያከራክራል?

በካስት ስም መስደብ በዚህ ሕግ የሚያስቀጣው ድርጊቱ «በሕዝብ እይታ ውስጥ ባለ ቦታ» ሲፈጸም ነው። ስለዚህ የተከሳሽ ጠበቃ መጀመሪያ የሚያነሳው «ሰው አልነበረም» የሚለውን ነው። ይህ ከተሳካለት ወንጀሉ ላይ ላዩን አይታይም፤ አንቀጽ 18ም ይነሳለታል።

በ2008 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በስዋራን ሲንግ ጉዳይ የግል ቦታ ሆኖም በሕዝብ እይታ ውስጥ ሊሆን ይችላል አለ። የሰጠው ምሳሌ የቤት ደጅ ላይ ያለ ሣር ነው። ግቢው የግል ነው። ነገር ግን ከአጥሩ ማዶ በመንገድ የሚያልፍ ሰው ካየውና ከሰማው በሕዝብ እይታ ውስጥ ነው። በ2020 በሂቴሽ ቬርማ ጉዳይ ደግሞ ስድቡ የተነገረው በቤቱ አራት ግድግዳ ውስጥ፣ የውጭ ሰው በሌለበት ነው ተባለ። ክሱም በዚህ ሕግ ሊቀጥል አልቻለም። ጉዳዩ ከመሬት ክርክር ጋር የተያያዘም ነበር።

ለዚህ ነው አቤቱታ የሚጽፍ ሰው የት እንደተሰደበ፣ ማን እንደሰማ፣ ምን ቃል እንደተባለ ዘርዝሮ መጻፉ ወሳኝ የሚሆነው። «በካስቴ ሰደበኝ» ብቻ ብሎ የተመዘገበ አቤቱታ በዋስትና ቀን ይሰነጠቃል። ያልተማረ ተበዳይ ይህን በየት በኩል ይወቀው? ፖሊስ ጣቢያ ላይ አቤቱታውን የሚጽፈው መርማሪ ነው። ሕጉ በአንቀጽ 4 ፖሊሱ አቤቱታውን በትክክል መዝግቦ፣ ከመፈረሙ በፊት ለተበዳዩ እንዲያነብለት ያዛል። የመዘገበውን ቅጂም ወዲያው እንዲሰጠው ይላል። ሆን ብሎ ይህን ያልፈጸመ የመንግሥት ሠራተኛ ራሱ ከስድስት ወር እስከ አንድ ዓመት ሊታሰር ይችላል።

በ2018 የተፈጠረው ግርግር ምን ነበር?

ማርች 20 ቀን 2018 የጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ሁለት ዳኞች በሱባሽ ካሺናት ማሃጃን ጉዳይ ትልቅ ውሳኔ ሰጡ። ሕጉ ያለአግባብ እየዋለ ነው አሉ። ቅድመ እስር ዋስትና ላይ ያለው ክልከላ ፍጹም አይደለም አሉ። ከዚያም አለፍ ብለው አቤቱታ ከመመዝገቡ በፊት ፖሊስ የቅድሚያ ማጣራት እንዲያደርግ፣ የመንግሥት ሠራተኛ የሾመው ባለሥልጣን ሳይፈቅድ እንዳይያዝ፣ ሌላውም ሰው የወረዳው ከፍተኛ የፖሊስ ኃላፊ ሳይፈቅድ እንዳይያዝ አዘዙ።

ዳሊቶች ተቆጡ። ኤፕሪል 2 ቀን በመላው አገሪቱ አድማ ተጠራ፤ በበርካታ ግዛቶች ግጭት ተነስቶ ሰዎች ሞቱ። ፓርላማው በኦገስት አንቀጽ 18ሀን ጨመረ። አዲሱ አንቀጽ አቤቱታ ለመመዝገብ የቅድሚያ ማጣራት አያስፈልግም፤ መርማሪው መያዝ አስፈላጊ ከሆነ የማንም ፈቃድ አያሻውም፤ ምንም ዓይነት የፍርድ ቤት ውሳኔ ቢኖርም ቅድመ እስር ዋስትና የለም ይላል። ኦክቶበር 1 ቀን 2019 ሦስት ዳኞች የተሰየሙበት ችሎት የራሱን የፍርድ ቤቱን የ2018 መመሪያዎች አነሳቸው። በ2020 ደግሞ ከላይ ባነሳነው በፕሪትቪ ራጅ ቻውሃን ጉዳይ አንቀጽ 18ሀ ሕገ መንግሥታዊ ነው ተባለ፤ ያየነው ጠባብ በር ግን ክፍት ሆኖ ቀረ።

«መያዝ አስፈላጊ ከሆነ» የሚለውን ቃል ልብ በሉ። ሕጉ የተከሰሰው ሁሉ ይታሰር አይልም። መርማሪው ሳይዝ መመርመር ይችላል።

ሕጉ ለበቀል አይውልም? የሐሰት ክስስ?

የሐሰት ክስ በየትኛውም ሕግ አለ። በዚህም ይኖራል። የ2018ቱ ውሳኔ ስሕተት የሐሰት ክስ አለ ማለቱ አልነበረም። ተከሳሽ በነፃ የተለቀቀበትን መዝገብ ሁሉ የሐሰት ክስ ማስረጃ አድርጎ ማየቱ ነው። የ2019ኙ ችሎት ይህንን ነው ያረመው። ክስ የሚከሽፈው ምርመራው ስለተበላሸ፣ ምስክር ፈርቶ ቃሉን ስለቀየረ፣ ዓመታት ስላለፉ ሊሆን ይችላል አለ። ሐሰት መናገር የሰው ድካም ነው፤ የአንድ ካስት ባሕርይ ተደርጎ ሊወሰድ አይችልም ሲልም ተናገረ።

ቹንዱር የሚባለውን የአንድራ ፕራዴሽ መንደር እዩ። በኦገስት 1991 ስምንት ዳሊቶች ተገደሉ። ልዩ ፍርድ ቤቱ እዚያው መንደር ውስጥ ተሰየመ። ፍርዱ የተሰጠው በ2007 ነው፤ 21 ሰዎች ዕድሜ ልክ ተፈረደባቸው። በ2014 ከፍተኛው ፍርድ ቤት ሁሉንም በነፃ ለቀቃቸው። ከግድያው እስከዚያ ቀን 23 ዓመት ገደማ ሄዷል። ይህን ያህል ጊዜ በሚፈጅ ክርክር ውስጥ በዋስ የወጣ ሰው ከምስክሮች ጋር ስንት ጊዜ እንደሚገናኝ ማሰብ ነው።

ከተያዘ በኋላ ዋስትና የሚጠየቀው የት ነው? ዳኛውስ ምን ያያል?

ጉዳዩ የሚታየው ለዚህ በተቋቋመ ልዩ ፍርድ ቤት ነው። ዳኛው የሚያየው በሌላ ክስም የሚታየውን ነው። የወንጀሉን ክብደት፣ ላይ ላዩን ያለውን ማስረጃ፣ ሰውየው ይጠፋል ወይ የሚለውን፣ ምስክር ያባብላል ወይም ያስፈራራል ወይ የሚለውን፣ የቀድሞ ታሪኩን። በአደንዛዥ ዕፅና በሽብር ሕጎቻቸው ውስጥ ዋስትናን በጣም የሚያከብዱ ተጨማሪ መስፈርቶች አሉ። በዚህ ሕግ ውስጥ እንዲህ ያለ ነገር የለም። ስለዚህ «ከገባህ አትወጣም» የሚለው አባባል መሠረት የለውም። ብዙዎች ይወጣሉ።

ልዩነቱ ቀጥሎ ነው። በሌላ ክስ አንድ ሰው ዋስትና ሲከለከል አዲስ ማመልከቻ ይዞ ከፍተኛው ፍርድ ቤት መሄድ ይችላል። እዚህ ግን አንቀጽ 14ሀ የሚፈቅደው ይግባኝን ነው። ይግባኙ በ90 ቀን ውስጥ ይቀርባል፤ በተቻለ መጠን በሦስት ወር ውስጥ ማለቅ አለበት። ይህ መንገድ ለተበዳዩም ክፍት ነው። ዋስትና ሲፈቀድ ቅር ያለው ተበዳይ ራሱ ይግባኝ ይላል። ብዙ ተበዳዮች ይህን አያውቁም።

ተበዳዩ በዋስትና ችሎት ላይ ቦታ አለው?

አለው። በእኔ እምነት የዚህ ሕግ ልብ እዚህ ነው።

በተለመደው የወንጀል ክስ ክርክሩ በመንግሥትና በተከሳሽ መካከል ነው። ተበዳዩ ምስክር ነው፤ ሲጠሩት ይመጣል። የ2015ቱ ማሻሻያ ያስገባው አንቀጽ 15ሀ ግን ይህን ቀየረው። ተበዳዩ ወይም ጥገኛው ስለ ማንኛውም ችሎት፣ የዋስትናውንም ጨምሮ፣ በቂ፣ ትክክለኛና ወቅታዊ ማስታወቂያ ሊደርሰው ይገባል። የማሳወቅ ግዴታው የልዩ ዐቃቤ ሕጉ ወይም የግዛቱ መንግሥት ነው። ችሎት ቀርቦም በዋስትናው ላይ የመናገር መብት አለው።

ወረቀት ላይ ያለው መብት ችሎት ውስጥ ሲጣስ ምን ይሆናል? መልሱ ከራጃስታን መጣ። አንድ ሰው ተገደለ። ከፍተኛው ፍርድ ቤት ለተከሳሹ ዋስትና ሲፈቅድ ለሟቹ ወንድም ማንም አልነገረውም። ወንድምየው ዋስትናው ይነሳ ብሎ ቢያመለክትም አልተሳካለትም። በኦክቶበር 2021 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ፣ ዳኛ ቻንድራቹድ በጻፉት ውሳኔ፣ ዋስትናውን ሻረ። አንቀጽ 15ሀ አስገዳጅ ነው አለ። በኋላ «ዋስትናው ይነሳ» በሚለው ማመልከቻ ላይ ስለተሰማ መጀመሪያ ያልተሰማበት ጉድለት አይስተካከልም ሲልም ጨመረ። በእነዚህ ሕዝቦች ላይ የሚደርሰው ጥቃት ያለፈ ታሪክ እንዳልሆነ፣ ዛሬም ያለ እውነት እንደሆነ ውሳኔው ላይ ተጽፏል።

የዚህን ትርጉም በአንድ መበለት ዓይን ማየት ይቻላል። ተከሳሹ ባሏን የገደለ ነው ተብሎ ተይዟል። ማስታወቂያ ሳይደርሳት አንድ ጠዋት በሯ ላይ ብታየው ፍርድ ቤቱ ለማን እንደቆመ አታውቅም። ማስታወቂያ ደርሷት ችሎት ብትቀርብ ግን ዳኛውን እንዲህ ማለት ትችላለች፦ «የምኖረው ከእሱ አጥር አጠገብ ነው። ልጄ ትምህርት ቤት የሚሄደው በእሱ ደጅ ነው። ከወጣ ወደዚያ መንደር አይምጣ።» ዳኛው ይህን ከፖሊስ መዝገብ ላይ አያገኘውም።

ሕጉ ለተበዳይና ለምስክር የመጓጓዣና የቆይታ ወጪ እንዲከፈል፣ አስፈላጊ ከሆነም ከመንደሩ ወጥቶ ሌላ ቦታ እንዲሰፍር ያዛል። የዚህ ሕግ ችሎቶች በቪዲዮ እንዲቀረጹም ይላል። የቀን ገቢውን ትቶ ወደ ከተማ የሚመጣ ሠራተኛ የአውቶቡስ ብሩን ካላገኘ የመናገር መብቱ ባዶ ነው።

ፖሊስ ምርመራውን ካዘገየስ?

መርማሪው ከምክትል የፖሊስ ሱፐርኢንቴንደንት ማዕረግ በታች መሆን የለበትም። ክሱም በ60 ቀን ውስጥ እንዲቀርብ ሕጉ ያዛል። ከዚህ ሌላ በሥነ ሥርዓት ሕጉ የተቀመጠ ገደብ አለ። የታሰረ ሰው እንደ ወንጀሉ ክብደት በ60 ወይም በ90 ቀን ክስ ካልቀረበበት ዋስትና መብቱ ይሆናል። ዳኛው ሊከለክለው አይችልም። ጥቃቱ የቱንም ያህል ቢከብድ ፖሊስ ከተኛ ተከሳሹ ይወጣል። ስለዚህ ከተበዳይ ጎን የቆሙ ጠበቆች ቀን ይቆጥራሉ።

ሃይማኖቱን የቀየረ ዳሊትስ?

በ1950 በወጣው የሼድዩልድ ካስቶች ትእዛዝ መሠረት ይህ ዕውቅና ያላቸው ሂንዱ፣ ሲክ ወይም ቡዲስት የሆኑት ብቻ ናቸው። ሲክ በ1956፣ ቡዲስት በ1990 ተጨመሩ። ክርስቲያን ወይም ሙስሊም የሆነ ዳሊት ጎረቤቱ አሁንም በዚያው በድሮው ስም እየጠራ ቢያዋርደውም ከዚህ ሕግ ጥበቃ ውጭ ሊሆን ይችላል። በዋስትና ችሎት ላይም ተከሳሹ ይህን ያነሳል። ይህ ለብዙ አማኞች መራራ ነገር ነው፤ ትክክል ነው ብዬ አላምንም። በሼድዩልድ ትራይብ በኩል ግን የሃይማኖት ገደብ የለም።

ሕጉ ከሕንድ ውጭ ይሠራል?

አይሠራም። አሜሪካ ለሚኖሩ ወገኖቻችን ግን ጉዳዩ ቅርብ ነው፤ የሥራ ባልደረቦቻቸው ሕንዳውያን ናቸውና። በሕንድ ሕግ በአሜሪካዋ ከተማ ሲያትል ማንም አይታሰርም። ሲያትል ግን በፌብሩዋሪ 2023 በካስት ማድላትን በመከልከል ከአሜሪካ ከተሞች ቀዳሚ ሆናለች። ያ የመድልዎ ሕግ ነው፤ የዋስትና ጥያቄ አያስነሳም። በዚያው ዓመት የካሊፎርኒያ ምክር ቤት ተመሳሳይ ረቂቅ አሳልፎ ነበር፤ ገዢው ሳይፈርሙበት መልሰውታል።

በዋስ ከወጣ በኋላ ቢያስፈራራስ?

ዋስትና ሲፈቀድ ሁኔታዎች ይጣሉበታል። ወደ መንደሩ እንዳይገባ፣ ከምስክሮች ጋር እንዳይገናኝ፣ በየተወሰነ ጊዜ ፖሊስ ጣቢያ እንዲፈርም ሊታዘዝ ይችላል። ከጣሰ ዋስትናው ይነሳል። ልዩ ፍርድ ቤቱ በአንቀጽ 10 ጥቃት ሊፈጽም የሚችልን ሰው ከአካባቢው ለተወሰነ ጊዜ እንዲርቅ ማዘዝም ይችላል።

ማስፈራሪያ በዱላ ብቻ አይመጣም። መንደሩ ያድማል። ሱቁ አይሸጥላቸውም፤ ሥራ የሚሰጣቸው አይኖርም፤ ወፍጮ ቤት ይዘጋባቸዋል። የ2015ቱ ማሻሻያ ይህን ማኅበራዊና ኢኮኖሚያዊ ማግለል ራሱን የቻለ ወንጀል አድርጎታል። ስለዚህ ተበዳዩ ዋስትናው እንዲነሳ ሲጠይቅ «ዛተብኝ» ብቻ ብሎ ማቆም የለበትም። በየትኛው ቀን፣ የትኛው ሱቅ፣ ማን ፊት እንደሆነ ይጻፍ። አድማው በአዲስ አቤቱታ ይመዝገብ። የዚያ አቤቱታ ቅጂ ከማመልከቻው ጋር ለልዩ ፍርድ ቤቱ ይቅረብ።